«ነገ ተመለሽ» የሚል አንቀጽ የለም!



ባለፈው ስብሰባችን ላይ አንዲት እናት ተነሥተው የተናገሩትን ሁላችንም ሰምተናል። የግቢያቸው በር በድንጋይ ተሰባብሮ፣ የሰባበረውም ሰው ታውቆ፣ ፖሊስ ጣቢያ አራት ጊዜ ተመላልሰዋል። አንድ ቀን «መርማሪው ስብሰባ ላይ ነው»፣ አንድ ቀን «መዝገቡ ተቆልፎበታል»፣ ሌላ ቀን ደግሞ «እማማ፣ ጎረቤት አይደላችሁ እንዴ? ታረቁ እንጂ!»። አራተኛውን ቀን ባንጽፈው ይሻላል። ቃላቸውን የተቀበለ፣ የመዝገብ ቁጥር የሰጣቸው ግን የለም። እኛ ይህን ዝም ብለን አናልፈውም!

ሕጉ ምን ይላል? በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 14፣ በቃል የቀረበን አቤቱታ ተቀባዩ ራሱ በጽሑፍ አስፍሮ፣ ለአመልካቹ አንብቦ፣ ቀን ተጽፎበት ሁለቱም እንዲፈርሙበት ያዛል። አንቀጽ 22 ደግሞ መርማሪው የቀረበለትን ነገር ቢጠራጠረውም እንኳ ምርመራው መካሄድ አለበት ይላል። ልብ በሉ፤ ቢጠራጠረውም! ታዲያ «ነገሩ አያሳምንም» ብሎ ከበር መመለስ ከየት የመጣ ሥልጣን ነው? ውሸታም ከሳሽ በዛ የሚሉን አሉ። ይብዛ፤ በሐሰት መወንጀልም ራሱን የቻለ ወንጀል ነው። ውሸቱ የሚታወቀው ግን ተመዝግቦ ሲመረመር እንጂ በር ላይ የሰው ፊት አይቶ አይደለም።

ነገሩ መጉላላት ብቻ ቢሆን ባልከፋ። በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 213 መሠረት፣ በግል አቤቱታ ብቻ በሚያስከስስ ወንጀል ተበዳዩ ድርጊቱን ወይም አድራጊውን ካወቀ ጀምሮ በ3 ወር ውስጥ ማመልከት አለበት። የሰው ንብረት ማበላሸት ተራው ዓይነት ከነዚህ አንዱ ነው። እንግዲህ «ነገ ተመለሽ» እያሉ 3 ወር መግፋት ማለት ጥፋተኛውን ያለ ዳኛ በነፃ ማሰናበት ማለት ነው። የእኚህ እናት ጉዳይ ሁለት ወር አልፎታል።

«ፍርድ ቤት ሂዱ» ይሉናል። የቱን ወረቀት ይዘን? የሥነ ሥርዓቱ ሕግ አንቀጽ 44፣ በግል አቤቱታ ብቻ ከሚያስከስሰው ውጭ ባለ ወንጀል ዐቃቤ ሕጉ አልከስም ሲል ተበዳዩ ውሳኔው በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ለፍርድ ቤት እንዲያመለክት ፈቅዷል። ጥሩ ነው። ግን መዝገብ ካልተከፈተ ለዐቃቤ ሕጉ የሚደርስ ነገር የለም፤ ውሳኔም የለም፤ 30 ቀኑም ከምን ይቆጠራል? የጣቢያው እምቢታ በአፍ ስለሆነ ዳኛ አስቀርቦ የሚያየው ነገር አይኖርም። ተንኮሉ ያለው እዚህ ላይ ነው።

ሌላ አገርስ? ሕንድ ውስጥ ልጄ ተወሰደችብኝ ያለ አባት ፖሊስ ቢያጓትተው ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ። ኅዳር 3 ቀን 2006 ዓ.ም. አምስት ዳኞች ፈረዱ፦ ጥቆማው ፖሊስ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ሊይዝበት የሚችለውን ወንጀል የሚያመለክት ከሆነ መመዝገብ ግዴታ ነው፤ የማይመዘግብ ፖሊስ ይጠየቅበታል፤ አስቀድሞ ማጣራት በሚፈቀድበት ጉዳይም ፖሊስ ነገሩን ከዘጋው ምክንያቱን በአጭሩ ጽፎ ቢዘገይ በአንድ ሳምንት ቅጂውን ለአመልካቹ ይስጥ። ፍርዱ ሁሉን ነገር አስተካከለ አንልም። ተበዳዩ ግን ዳኛ ፊት ይዞት የሚቀርብ ነገር አገኘ።

እኛም የምንጠይቀው ይህንኑ ነው። ለያንዳንዱ አመልካች ቀንና ቁጥር ያለበት ወረቀት ይሰጠው። አልቀበልም የሚል ካለ ምክንያቱን ጽፎ ይፈርም። ፍርድ ቤትም የመዘግየት አቤቱታ ሲቀርብለት መዝገቡን አስቀርቦ ይመልከት። ሌሊት በዝናብ ሠፈራችንን የሚዞሩትን ፖሊሶች አንወቅስም፤ እነሱን እናውቃቸዋለን። የምንወቅሰው ወንበር ላይ ተቀምጦ እስክሪብቶ የሚከብደውን ነው።

እስከዚያው ድረስ ማንም ብቻውን አይሂድ። አቤቱታው በሁለት ቅጂ ይጻፍ፣ ቀን ይኑረው፣ ሁለት ጎረቤት አብሮ ይሂድ። ጣቢያው እምቢ ካለ በአንቀጽ 16 መሠረት ለዐቃቤ ሕግም ማቅረብ ይቻላል። የእማማን አቤቱታ ሰኞ ጠዋት ይዘን እንሄዳለን፤ መምጣት የሚችል 2 ሰዓት ላይ ማኅበሩ በር ላይ ይገኝ። መጻፍ የቸገረው ቅዳሜ ከሰዓት ብቅ ይበል፣ ወረቀቱ ከኛ ነው።