«ጎዳር ቆረጠው» አትበሉኝ

ሰሞኑን አንድ የድሮ ተማሪዬ በውስጥ መስመር «ቲቸር፣ ቲክቶክ ላይ የምንጠቀመው ጃምፕ ከት እኮ የጎዳር ነው። ሰውየው ጂኒየስ ነው!» ብሎ ጻፈልኝ። መልሴ ስለረዘመ እዚሁ ላድርገው።

እሺ፣ ዣን ሉክ ጎዳር ትልቅ ዳይሬክተር ነው። ግን ፊልሙን በእጁ የቆረጠው ማነው?

«ብሬዝለስ» በ1960 እ.ኤ.አ. ፈረንሳይ ውስጥ ሲወጣ ኤዲተሯ ሴሲል ደኩዢ የምትባል ሴት ነበረች። ፊልሙ ከሚፈለገው በላይ ረዝሞ ነበር። ሌላ ሰው ቢሆን ሙሉ ትዕይንት አውጥቶ ይጥላል። እነሱ ግን ትዕይንቱን ከመሀል ከመሀሉ እየቆረጡ አሳጠሩት። ጂን ሲበርግ መኪና ውስጥ ተቀምጣ ከጀርባዋ ስናያት፣ ፓሪስ ዙሪያዋን የምትዘለው በዚህ አቆራረጥ ነው። ያኔ ደግሞ ስልክ ነካ አድርጎ ነገር መመለስ የለም። በሰከንድ 24 ምስል ያለው ፊልም በእጅ ይቆረጣል፣ በእጅ ይቀጠላል።

«ሀሳቡ የጎዳር ነው» ትሉኝ ይሆናል። ይሁን፣ አልከራከርም። ግን ሀሳብ ብቻውን ፊልም አይቆርጥም። የቷ ምስል ላይ ይቆረጥ የሚለው ራሱ ውሳኔ ነው። «ፊልሙ መግቢያ ላይ እኮ የጎዳርም ስም የለም» የሚልም አይጠፋም። እውነት ነው፣ የሠራተኞች ስም ዝርዝር የለውም። የእሱ ስም ግን ፖስተሩ ላይ ነበረ፤ ከ60 ዓመት በላይም ሲጠራ ኖሯል። የእሷስ?

ይበልጥ የሚያናድደኝ ደግሞ ይሄ ነው። አልጄሪያ ከፈረንሳይ ነፃ ለመውጣት ስትዋጋ፣ ደኩዢ ፈረንሳዊት ሆና ለታጋዮቹ ለኤፍ ኤል ኤን በራሷ ስም ቤት ተከራየችላቸው። ፊልሙ በወጣበት በዚያው ዓመት አምስት ዓመት ተፈረደባት፤ ሁለት ዓመት ታሰረች። ቆራጭም ቆራጥም ነበረች ማለት ነው።

ከተፈታች በኋላም ወደ ሥራዋ ተመለሰች። የኤሪክ ሮሜርን «ሌሊቴ በሞድ ቤት» (1969)፣ «የክሌር ጉልበት» (1970)፣ «ፖሊን ባህር ዳር» (1983) ኤዲት ያደረገችው እሷ ናት። እነዚህ ፊልሞች ላይ ዝላይ አትፈልጉ። ሰዎች ቁጭ ብለው ያወራሉ፣ እሷም አታቋርጣቸውም። መዝለል የሚችለው እጅ መታገሥም ይችላል። እንዲህ ያለውን ሰው «የጎዳር ረዳት» ብሎ ማለፍ ካላዋቂነት በላይ ነው፤ ልፋትን መስረቅ ነው።

በ2017 አረፈች። የፊልም ወዳጅ ነኝ የሚል ስንቱ ስሟን ሰምቷል?

ስለዚህ ልጆች፣ ፊልም አልቆ ስም መዘርዘር ሲጀምር ቶሎ አትዝጉት። «ኤዲተሩ ማነው?» ብላችሁ ፈልጉ። አንተም ወንድሜ፣ በሚቀጥለው ቪዲዮህ ጎዳርን ስትጠራ ከጎኑ ሴሲል ደኩዢ በል። ሁለት ቃል ናት፣ አትከብድም።