ዳቦና ወርቅ በአንድ ሚዛን

የኤድዊን ኤስ. ፖርተር ስም በተነሳ ቁጥር የሚጠቀሰው እ.ኤ.አ. በ1903 የሠራው «ታላቁ የባቡር ዘረፋ» ነው። ሽጉጥና ፈረስ አለበትና አይገርመኝም። እኔን ግን የሚከነክነኝ ከሁለት ዓመት በኋላ ለኤዲሰን ኩባንያ የሠራው ሌላ ድምፅ አልባ ድራማ ነው። ርዝመቱ አሥር ደቂቃ ገደማ፣ ርእሱ «ክሌፕቶማኒያክ»፤ ሳይቸግራት የመስረቅ አመል የተጠናወታት ሴት ታሪክ።

ሴትየዋ የባለባንክ ሚስት ናት። በሠረገላ ተሳፍራ ኒውዮርክ ሜሲስ መደብር ትሄዳለች። ከውጭ የሚታየው ራሱ እውነተኛው ሜሲስ ነው። ገበያተኛው መሃል ገብታ ከየጠረጴዛው ዕቃ እያነሳች ትደብቃለች፤ ስትከታተላት የቆየች የመደብሩ ሠራተኛ ትይዛታለች።

ሌላዋ ሴት ቤቷ የሚላስ የሚቀመስ የላትም፤ ልጆቿ ተርበዋል። ከሱቅ ደጅ ከተቀመጠ ቅርጫት አንድ ዳቦ ብድግ ስታደርግ ፖሊስ እጅ ትወድቃለች።

ፖርተር ጊዜውን እንዴት እንዳከፋፈለው ልብ በሉ። ለሀብታሟ ከቤቷ መውጣቷን፣ መንገዱን፣ ገበያውን፣ ተይዛ የገባችበትን ቢሮ አንድ በአንድ ያሳየናል። ለድሃዋ ስርቆት ቅጽበት ይበቃዋል። ካሜራው እንደ ዘመኑ ልማድ ከቆመበት ንቅንቅ አይልም፤ ፊታቸውን አቅርቦ እንባ አያሳየንም። ለሁለቱም እኩል ርቆ ቆሟል። አድልዎው ከካሜራው ሳይሆን ከችሎቱ እንደሚመጣ በግልጽ የሚታየኝ ለዚህ ነው።

ሁለቱም አንድ ዳኛ ፊት ይቀርባሉ። ባለባንኩና ጠበቃው ከሀብታሟ ጎን ይቆማሉ፤ በነፃ ትሄዳለች። ዳቦ የወሰደችው ወህኒ ትወርዳለች።

በመጨረሻ ፍትሕ ራሷ በሴት አምሳል ሚዛን ይዛ ትታያለች። በአንዱ ወገን ዳቦ፣ በሌላው ወርቅ፤ ወርቁ ይደፋል፤ ከዓይኗ መሸፈኛ ሥር አንዱ ዓይኗ ተገልጧል። «ይሄማ ስብከት ነው፤ ችሎቱ ላይ ቢያበቃ ይሻል ነበር» የሚል ተመልካች አይጠፋም። አልስማማም። ችሎቱ ላይ ቢያበቃ ኖሮ ጥፋቱን በአንድ ክፉ ዳኛ አሳበን እንገላገል ነበር። ፖርተር ያን መውጫ ዘግቶብናል፤ የከሰሰው ሕጉን ራሱን ነው። የፊልም ታሪክ የሚያስተምሩ ሰዎች ከባቡር ዘራፊዎቹ ቀጥለው ይህን ቢያሳዩ፣ ተማሪው በዚያ ዘመን ሲኒማ ከተኩስ ሌላ ምን ይችል እንደነበር ያያል።