ከፍጥነቱ በፊት ሙቀቱ ይታይ

ኤምኤስአይ አፍተርበርነርን የመሰለ ፕሮግራም የጫነ ወጣት እጁ መጀመሪያ የሚሄደው የግራፊክስ ካርዱን ፍጥነት ወደሚጨምረው መቆጣጠሪያ ነው። የፕሮግራሙ ትልቁ ጥቅም ግን ሙቀትን መከታተሉና ቮልቴጅን ለመቀነስ ማስቻሉ ነው ብዬ አምናለሁ። ኤንቪዲያ እ.ኤ.አ. በ2012 ጂፒዩ ቡስት የተባለውን ቴክኖሎጂ ካስተዋወቀ ወዲህ ካርዶቹ የሙቀትና የኃይል ገደባቸው እስከፈቀደ ድረስ ፍጥነታቸውን በራሳቸው ያሳድጋሉ፤ ለተጠቃሚው የሚተርፈው ጭማሪ ብዙ ጊዜ ትንሽ ነው። ዋጋው ግን ትንሽ አይደለም። ቺፕ በሥራ ላይ የሚፈጀው ኃይል በግርድፉ ከፍጥነቱ ጋር በቀጥታ፣ ከቮልቴጁ ጋር ግን በካሬ ያድጋል። ፍጥነቱ ሳይነካ ቮልቴጁ 10 በመቶ ቢጨምር ፍጆታው 21 በመቶ ያህል ይንራል፤ 10 በመቶ ቢቀንስ ደግሞ 19 በመቶ ያህል ይወርዳል። እንደ አርቲኤክስ 4090 ላለ 450 ዋት ለሚወስድ ካርድ ይህ ቀላል ልዩነት አይደለም።

ካርዱ ሲግል ራሱን ስለሚጠብቅ ምን ያስፈራል የሚሉ አሉ። ራሱን መጠበቁ እውነት ነው፤ የሚጠብቀው ግን ፍጥነቱን በመቀነስ ስለሆነ የተደከመለት ጭማሪ ያኔ ይጠፋል። አዲስ አበባ ላይ ጉዳዩ ይብሳል። ከተማዋ ከባሕር ጠለል በላይ 2,300 ሜትር ገደማ ላይ ስላለች አየሩ ስስ ነው፤ ማራገቢያው እዚያው ፍጥነት ላይ ቢዞርም የሚያስወግደው ሙቀት ያንሳል። በቆላ ወይም በባሕር ዳርቻ ከተማ የተሞከረን የሌላ ሰው ቅንብር እንዳለ መቅዳት የማይገባው ለዚህ ነው። ቮልቴጅ መቀነስም ኮምፒውተሩን ሊያቆም ይችላል የሚለው ተቃውሞ ትክክል ነው። ስለዚህ በትንሽ በትንሹ እየቀነሱ፣ በእያንዳንዱ እርምጃ ከባድ ሥራ እያሠሩ መፈተሽ ያስፈልጋል፤ ቅንብሩ ኮምፒውተሩ ሲነሳ በራሱ እንዲጫን የሚደረገውም ከዚያ በኋላ ብቻ ነው።