የሚንጠባጠበው ቧንቧ የማን ነው?

እመቤቴ፣ የተከራዩት ቤት ቧንቧ ሌሊቱን ሙሉ ጠብ ጠብ ሲል አድሮ፣ ጠዋት ለአከራይዎ ቢነግሩ «የምትጠቀሙበት እናንተ፣ እኔን ምን አገባኝ» የሚል መልስ ገጥሞዎት ይሆናል።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለዚህ መልስ አለው። በውል ወይም በሕግ በተከራይ ላይ ከተጣለው ጥቃቅን እድሳት በቀር፣ የቀረው ጥገና የአከራይ ግዴታ ነው። ጥቃቅኑም ቢሆን ከዕቃው እርጅና የመጣ ከሆነ ተከራዩን አያስከፍልም። እንግዲህ ልጅዎ በኳስ የሰበረው መስተዋት የእርስዎ ዕዳ ነው፤ ዝገት የበሳው ቆርቆሮ ግን የባለቤቱ።

ጎሚኒውስ? እኔን ከጠየቁኝ ገዝተው ያስቀይሩት። በአንድ ግቢ እየኖሩ በጥቂት ብር ዕቃ መኳረፍ አይበጅም። (እኔ ራሴ ለአንድ የበር ቁልፍ ስል ሁለት ወር ሰላምታ ተነፍጌ አውቃለሁ።) የሚግል ሶኬት ሲያዩ ግን ለነገ አይበሉ፤ ማብሪያውን ያጥፉ፣ ልጆችን ያርቁ፣ ለአከራዩ ያኑኑ ይንገሩ። የሚያፈስ ጣሪያንም ሐምሌ ሳይገባ፣ በግንቦት ያመልክቱ። ዝም ብለው ቆይተው ኮርኒሱ ቢበሰብስ ጥፋቱ ወደ እርስዎ ሊዞር ይችላል።

አዋጅ ቁጥር 1320/2016 የመኖሪያ ቤት ኪራይ ውል በጽሑፍ እንዲሆንና እንዲመዘገብ ያዛል። ከመፈረምዎ በፊት ከአከራይዎ ጋር ቤቱን ክፍል በክፍል ይዙሩ፤ በሩን ይክፈቱ ይዝጉ፣ ቧንቧውን ይሞክሩ። ቀድሞ የተበላሸው ሁሉ በውሉ ላይ ይስፈር፤ የወጥ ቤቱ መስኮት ስንጥቅ እንኳ ቢሆን።