ለሁከት ይወገድ ትዕዛዝ የተጻፈ ምስጋና

ከመካነ ኢየሱስ፣ እስቴ ወረዳ

ጉዳዩ፦ ምስጋና ስለማቅረብ

ዳኛው ይዛወራል፤ የፖሊስ አዛዡም ይቀየራል። አንተ ግን ከሕጉ ስለማትጠፋ ደብዳቤውን በአንተ ስም ጻፍኩት፤ ለሚያስፈጽሙህም ሁሉ ይድረስልኝ።

ንግድ ፈቃድ አውጥቶ ግብሩን የሚከፍል ሰው በገዛ ደጁ ሲታገድ አይቻለሁ። እህል የጫነ አይሱዙ ከመጋዘኑ በር ደርሷል፤ ባለቤቱ በቀጠራቸው ሠራተኞች ሊያራግፍ ነው። ጎረምሶች በሩን ዘግተው ይቆሙና «ወይ እኛ እናወርዳለን፣ ወይ ሂሳባችንን ትከፍላለህ» ይላሉ። ያልተሸከሙትን ኬሻ ዋጋ መጠየቃቸው ነው። ሹፌሩ ይነጫነጫል። ይሄኔ የባለቤቱ ወንድም ዱላውን ይዞ ብቅ ይላል። እኔ የምፈራው ይህችን ደቂቃ ነው። በእኛ አገር በእንዲህ ያለ ጠብ ሰው ደም ከተቃባ፣ ሽማግሌ ቢቀመጥበት እንኳ ጣጣው ለልጅ ልጅ ይተርፋል።

በፈረንሳዊው የሕግ ሊቅ ሬኔ ዳቪድ አርቃቂነት ተዘጋጅቶ በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ይህን ደቂቃ አስቦበታል። ቁጥር 1148 ባለይዞታው የሚደርስበትን ነጠቃ ወይም ሁከት በኃይል እንዲመክት ይፈቅድለታል፤ ከልክ እንዳያልፍም ይከለክለዋል። በንዴት ሰዓት ልኩን የሚያውቅ ሰው ግን ብዙ አላጋጠመኝም። ቀጥሎ አንተን ከፍርድ ቤት የሚያስጠይቀው 1149 መምጣቱ በጀን።

አንተን አጥብቄ የወደድኩህ ግን ወገን የሌለውን ስለምታስብ ነው። ባሏ የሞተባት ሴት ወፍጮ ቤት አላት እንበል። የባሏ ዘመዶች «ድርሻ አለን» ብለው መንገዱ ላይ ይቆማሉ፤ እህል የጫነውን አህያ ሁሉ ይመልሳሉ። ዱላ ይዞ የሚመጣላት ወንድም የላትም። በ1149 መሠረት ሁከቱ በጀመረ በሁለት ዓመት ውስጥ ትክሰስ እንጂ፣ ከልካዮቹ መብታቸውን ወዲያውኑ በማያወላዳ ማስረጃ ካላሳዩ በቀር ፍርድ ቤቱ ሁከቱ እንዲወገድ ያዛል። የውርሱ ክርክር በራሱ መዝገብ ይቀጥል፤ ወፍጮው ግን ይፈጫል።

እጅ ላይ ስትያዝ አንድ ገጽ ነህ፤ የመዝገብ ቁጥር፣ የዳኛ ፊርማ፣ ክብ ማኅተም። ከሁሉ የምወደው «ትዕዛዙን እንዲያስፈጽም ለወረዳው ፖሊስ ይጻፍ» የምትለዋን መስመር ነው። ሳጅኑ ወረቀቱን ይዞ በር ላይ ይቆምና ጮክ ብሎ ያነባል። አባቶቻችን በሕግ አምላክ ሲባል ወራጅ ውሃም ይቆማል ይሉ ነበር፤ ያን ቃል የሰማ መንገደኛ ሁሉ ይቆም እንደነበር ሲነገር ነው ያደግነው። ሳጅኑ አንብቦ ሲጨርስ በሩ ይለቀቃል፤ ኬሻውም መውረድ ይጀምራል።

ጎረምሶቹም ልጆቻችን ናቸው፤ እንጀራቸው እንዲዘጋ የሚመኝ የለም። በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 41 ሠርቶ የመኖር መብት ለነጋዴውም ለእነሱም ተጽፏል። ነገ ማኅበራቸው የተከራየውን ቤት ሀብታም ቢዘጋባቸው አንተኑ ይዘው ይቆማሉ። ችግሩም የእኛ ብቻ አይደለም፤ በሕንድ ኬረላ ሳይሸከሙ የሚጠየቀው ክፍያ «ኖኩኩሊ» ይባላል። የክፍለ ግዛቱ መንግሥት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2018 ከልክሎታል፤ ነጋዴዎችም የፖሊስ ጥበቃ እንዲታዘዝላቸው ከፍተኛ ፍርድ ቤት ድረስ ይሄዳሉ።

ሐምሌ 28 ቀን 2015 ዓ.ም. የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ በታወጀበት ክልል ለሚኖር ሰው፣ ማኅተምህ ብቻውን በር እንደማያስከፍት መንገር አያስፈልግም። ስለዚህ የምስጋናዬ ትልቁ ድርሻ በክፉ ቀን መዝገብ ከፍተው ለሚያስችሉና ወረቀቱን ይዘው በር ላይ ለሚቆሙ ነው።

ግልባጭ፦
ለመዝገብ ቤት ሠራተኞች
አቤቱታ ለሚጽፉልን
ትዕዛዙን በእግራቸው እስከ ገጠር ቀበሌ ለሚያደርሱ ፖሊሶች