ስም አልባዎቹ ረቺዎች

እ.ኤ.አ. በ1911 በእንግሊዝ የተሠራው «ቲሊ እና የእሳት አደጋ ሠረገላዎች» የተሰኘው ድምፅ አልባ አጭር ፊልም፣ ሁለት ረባሽ ልጃገረዶች ሠረገላ ሰርቀው ሲያመልጡና አሳዳጆቻቸውን በውኃ ሲያበሰብሱ ያሳያል። አልማ ቴይለርና ክሪሲ ኋይት በተወኑባቸው በእነዚህ ተከታታይ ፊልሞች ልጃገረዷ የሳቁ ባለቤት ናት፤ ርዕሱም ስሟን ይዟል።

በጣና ምሥራቃዊ ዳርቻ፣ በፎገራ የተወለዱት አለቃ ገብረ ሐና አህያ የሚነዱ ሴቶችን «የአህያ እናቶች» ብለው ሰላም ቢሏቸው፣ ሴቶቹ «ልጃችን» ብለው እንደ ረቷቸው ይነገራል። ይሁን እንጂ ቀልዱ የሚጠራው በተሸነፉት በአለቃ ስም ነው፤ ረቺዎቹ ስም የላቸውም።

ስለዚህ በፔዳ የሚገኙ የሥነ ቃል ተመራማሪዎች ቀልድን በታዋቂ ሰው ስም ከመመደብ አልፈው፣ ማን እንዳሳቀና በማን እንደ ተሳቀ፣ ቀልዱንም ማን እንደ ነገራቸው ሊመዘግቡ ይገባል።