ጥበብ በሸራ አይታጠርም

«ሠዓሊ ቀለሙን ይያዝ፤ ትርኢትና ፊልም የሌላ ሰው ሙያ ነው» የሚሉ አሉ። እኛ ግን ይህን አንቀበልም። እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1987 ዓ.ም. በደሴ የተወለዱት ሮቤል ተመስገን፥ በአለ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ከተማሩ በኋላ፥ አድባርን በቀለም ሥለዋል፤ ጋዜጣን በእጃቸው ጽፈው ለተመልካች አቅርበዋል፤ በገዛ ሰውነታቸውም ትርኢት አሳይተዋል። ይህን ከባዕድ የተቀዳ ነው የሚል ሰው ቢኖር፥ ከደሴ እስከ ደጋን ባለው አገር መንዙማ ወደሚባልበት ሐድራ ይሂድ። በዚያ ዜማው፥ ድቤው፥ ጭብጨባውና የዕጣኑ ጢስ አንድ ናቸው፤ ማንስ ይለያያቸዋል? እንግዳው ጥበብን በየክፍሉ መከለል ነው እንጂ ማዋሐዱ አይደለም። ስለዚህ መምህራን ሆይ፥ አዲስ ነገር የሞከረውን ተማሪ «ይህ ሥዕል አይደለም» ብለን ባሳፈርን ጊዜ፥ የምናሳፍረው ያባቶቻችንን ጥበብ መሆኑን እናስተውል።